ዳንግላ የነበረው የእንግሊዝ ቆንስል ማን ነው?

የዳንግላው፦
ሰላም ቤተሰብ። ነፍሳቸውን ይማርና አያቴ ዘመን ሲቆጥሩ «በቆንስሉ ጊዜ» ይሉ ነበር። እገሌ የተወለደው በቆንስሉ ጊዜ ነው፣ ታላቅ እህቴ የተዳረችው ቆንስሉ ሳይሄድ ነው፣ እንዲህ ነበር አነጋገራቸው። ልጅ ሆኜ ቆንስል የሰው ስም ይመስለኝ ነበር። አሁን ሳስበው ግን ግራ ይገባኛል። እንግሊዞች አዲስ አበባ ሌጋሲዮን (የያኔ ኤምባሲ በለው) እያላቸው ዳንግላ ድረስ ምን ሊሠሩ መጡ? አንዳንዱ ሰላይ ነው ይላል፣ አንዳንዱ ወፍ አጥኚ ነው ይላል። የምታውቁ ካላችሁ እባካችሁ ንገሩኝ።

ጣና ዳር፦
አያትህ የሚሉት ሜጀር ሮበርት ቺዝማንን ሳይሆን አይቀርም። በአንደኛው የዓለም ጦርነት ሜሶጶጣሚያ ዘምቷል፣ ከዚያ ባግዳድ የእንግሊዙ ከፍተኛ ኮሚሽነር የሰር ፐርሲ ኮክስ የግል ጸሐፊ ሆነ። ወፍና አውሬ ማጥናት ይወድ ስለነበር በስሙ የምትጠራ የበረሃ አይጥ ሁሉ አለች። እ.ኤ.አ. በ1925 የሰሜን ምዕራብ ኢትዮጵያ ቆንስል ሆኖ ዳንግላ ገባ፣ እስከ 1934 ቆየ።

ቢሮ ቁጭ የሚል ሰው አልነበረም። ያኔ በፈረንጆቹ ካርታ ላይ ዓባይ ጎጃምን የሚዞርበት ብዙው ቦታ በነጠብጣብ ብቻ ነበር የሚሰመረው፣ በግምት ማለት ነው። እሱ በቅሎ አስጭኖ የገደሉን አፋፍ ይዞ እየሄደ፣ መውረጃ ባገኘበት ወንዙ ድረስ እየወረደ ካርታ አነሣ። ጣናንም ዳር ዳሩን ዞሮ ደሴቶቹን አየ። የደንገል ታንኳ የተሳፈረ ሰው ነገሩን ያውቀዋል። ደንገሉ ውኃ እየጠጣ ይከብዳል፣ እግርህ ሥር ይረጥባል፣ ከጉዞ በኋላ ዳር አውጥተህ ፀሐይ ላይ ካላደረቅኸው ይበሰብሳል። በዚያ ነው ሐይቁ ላይ የሚኬደው።

ከማርቆስ፦
ጥሩ ብለሃል፣ ግን ዋናው ነገር ቀረ። ዋናው ውኃው ነው። እ.ኤ.አ. በ1902 ዳግማዊ ምኒልክ ከእንግሊዙ ሃሪንግተን ጋር በፈረሙት ውል ላይ ዓባይን፣ ጣናን ወይም የሶባትን ወንዝ የሚገድብ ሥራ ከእንግሊዝና ከሱዳን መንግሥት ጋር ሳይስማሙ እንዳይሠሩ ተጽፏል። ቺዝማን በመጣበት በ1925 ደግሞ ሱዳን ውስጥ ዓባይ ላይ የተሠራው የሴናር ግድብ አለቀ፣ የገዚራ የጥጥ እርሻም የዓባይን ውኃ መጠጣት ጀመረ። በዚያው ዓመት እንግሊዝና ጣሊያን ባለቤቱን ሳይጠይቁ ስለ ጣና ደብዳቤ ተለዋወጡ፤ ራስ ተፈሪም በ1926 ለመንግሥታት ማኅበር አቤት አሉ። እንግዲህ በዚህ መሀል ጣናን የሚለካ ቆንስል ዳንግላ ተቀምጧል። ሰውዬው ወፍ ይውደድ፣ አልጠላበትም። ያነሣው ካርታ ግን ማንን እንደሚጠቅም ግልጽ ነው።

ሌላም የሚያንገበግበኝ ነገር አለ። ዓባይን ፈረንጅ «አገኘ» ሲባል እሰማለሁ። የኢየሱሳውያኑ ቄስ ፓኤዝ በ1618፣ የስኮትላንዱ ተጓዥ ብሩስ በ1770 ግሽ ዓባይ ሲደርሱ የሰከላ ሰው እዚያው ከምንጩ ጋር ይኖር ነበር። ቺዝማንንም ቢሆን መልካውን ያሳየው፣ በቅሎውን የጫነለት፣ ታንኳውን የቀዘፈለት ያገሬው ሰው ነው። የእነሱን ስም ማን ያውቃል?

የዳንግላው፦
እግዜር ይስጥልኝ፣ በደንብ ገብቶኛል። ከሄደ በኋላስ ምን ሆነ?

ጣና ዳር፦
በ1936 ስለ ጣናና ዓባይ መጽሐፍ አሳተመ። ያው ጣሊያን አዲስ አበባ የገባበት ዓመት ነው። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ደግሞ ካርቱም ሆኖ የኢትዮጵያን ጉዳይ በሚከታተለው የስለላ ክፍል ሠራ፤ «ሰላይ» ያሉህ ቢያንስ ለዚህ ጊዜ አልተሳሳቱም። የእንግሊዙ መኮንን ሳንድፎርድ በነሐሴ 1940 ጎጃም ገብቶ ከአርበኞች ጋር ሲገናኝ፣ ጃንሆይም በጥር 1941 በኦሜድላ ሲገቡ፣ አገሩን በእግሩ የሚያውቅ ሰው ካርቱም መኖሩ ጠቅሟል ብዬ አምናለሁ። በ1962 አረፈ።

የዳንግላው፦
ቆንስሉ የሄደው በ1934 ከሆነ በእኛ 1926 ወይም 27 መሆኑ ነው። እንግዲያ የአያቴ ታላቅ እህት የተዳሩት ከዚያ በፊት ነው። ቤታችን ውስጥ ዓመቱን የሚያውቅ ሰው አልነበረም። ዛሬውኑ ለእናቴ እደውልላታለሁ።