ክርክር፦ የኪቦርዱ «ሳክስ» የነፊውን ቦታ ሊይዝ ይገባዋል?

አወያይ፦
ከአባላት አንዱ «በዛሬ አልበም ላይ ሳክስፎን ነፊ መጥራት ትርፍ ወጪ ነው፤ ኪቦርዱ ይበቃል» ብሎ ጽፎ ነበር። አስተያየት ከሁለቱም ወገን ስለጎረፈ እዚሁ አንድ ቦታ እንነጋገርበት። ገጠመኝ ይቆየን፤ ድምፁና አሠራሩ ላይ እናተኩር።

ባለ ቴነር፦
አይበቃም። ጌታቸው መኩሪያ ያደረገውን ተመልከቱ። ክራርና ማስንቆ ተምሮ ወደ ሳክስፎን የተሻገረ ሰው ነው፤ ሽለላን ከሸላዩ አፍ ወስዶ በቴነር ሳክስፎን ተናገረው። ሽለላ ውስጥ ዋናው ነገር ኖታው አይደለም፤ ኖታው ተይዞ ሳለ የሚደርስበት ነው። ለስለስ ብሎ ይነሳል፣ መሐል ላይ ይሻክራል፣ በሰፊው ይርገበገባል፣ ከዚያ በቁጣ ይቆረጣል። መሻከሩ የሚመጣው ነፊው እየነፋ በጉሮሮው ሲያጉረመርም ነው፤ የጉሮሮው ድምፅና የሪዱ (ሲነፋ የሚርገበገበው ስስ ሸምበቆ) ንዝረት ይጋጫሉ። የሚርገበገበው ደግሞ የታችኛው መንጋጋ ሪዱን ጠበቅ ላላ ሲያደርገው ነው፤ ፍጥነቱም ስፋቱም በነፊው ፈቃድ ይለወጣል። በብዙ ኪቦርድ ላይ ግን መርገብገቡ ከድምፁ ጋር አብሮ የተቀዳ ነው። አንዱ ቅጂ ለብዙ ኖታ ስለሚለጠጥ ወደ ታች ሲወርዱ ይዘገያል፣ ወደ ላይ ሲወጡ ይፈጥናል። እንዲህ ሆኖ የሚሸልል ማነው?

አቀናባሪው፦
ወንድሜ፣ ያነሳኸው ከፋብሪካ እንደወጣ ያለውን ድምፅ ነው። በሥርዓት የሚሠራ ሰው መርገብገብ የሌለበትን ቅጂ ይመርጣል፤ መርገብገቡን ራሱ በእጁ ያስገባል። ድምፁን በአንድ ጊዜ አንድ ኖታ ብቻ እንዲያወጣ ያደርገዋል፤ አለዚያ የቀደመው ኖታ ጅራት ከሚቀጥለው ጋር እየተደራረበ ሁለት ሳክስፎን ይመስላል። ጉልበቱን ደግሞ በትንፋሽ በሚሠራ መቆጣጠሪያ ይመራዋል። ማይክል ብሬከርን የሚያህል ቴነር ነፊ ከ1980ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ በኤሌክትሮኒክ የትንፋሽ መሣሪያ ተጫውቷል። እሱ ያልናቀውን እኛ ለምን እንንቃለን?

ታሪኩንም አናዛባ። የትንፋሽ ክፍሉን ከመድረክ ያወረደው ኪቦርድ ብቻ አይደለም። በደርግ ዘመን የሰዓት እላፊው የምሽት ክበቡን ገደለ፤ ለባንድ መጠጊያ የሆኑት ሆቴሎች ናቸው፤ ዋሊያስ ባንድ ሂልተን፣ ሮሃ ባንድ ግዮን። ሸክላውም ለካሴት ቦታ ለቀቀ። ትራምፔት፣ አልቶ፣ ቴነርና ትሮምቦን አሰልፎ የሚያስጠና ሲጠፋ፣ ኪቦርዱ የተቀመጠው ባዶ ወንበር ላይ ነው።

ባለ ቴነር፦
ስለ ሰዓት እላፊው እስማማለሁ። ብሬከርን መጥቀስህ ግን ለእኔ ነው የሚመሰክረው፤ የያዘው ኤሌክትሮኒክ ይሁን እንጂ እየነፋ ነበር የሚጫወተው። የናይጄሪያዊውን ሙዚቀኛ የፌላ ኩቲን ነገርም አስብ። ፌላ ኪቦርድ ይጫወት ነበር፤ ቴነር ነፊው ኢጎ ቺኮ ባንዱን ሲለቅ ክፍሉን ወደ ኪቦርድ ማዞር ይችል ነበር። ያደረገው ግን ራሱ ቴነር አንስቶ መማር ነው።

የማስንቆ ወዳጅ፦
ሁለታችሁም የዘለላችሁት አለ። ሳክስፎን ራሱ የማስንቆውን ቦታ የወሰደ መሣሪያ ነው። ድምፃዊው አንድ ስንኝ ሲጨርስ የሚመልስለት ማስንቆ ነበር፤ ዘመናዊው ባንድ ያንን መልስ ለሳክስፎን ሰጠ። ስለዚህ መጠየቅ ያለበት መልሱን የሚሰጠው ድምፃዊውን እየሰማ ነው ወይ የሚለው ነው። ዛሬ በብዙ መግቢያ ላይ የምሰማው ሳክስፎን አዝማቹን ኖታ በኖታ ቀድሞ ይናገርና ድምፃዊው ሲገባ አዲስ ነገር አይተርፈውም። ይህ በነፊም በኪቦርድም ያው ጉድለት ነው።

ድምፅ ቀራጭ፦
እውነተኛው ሳክስፎን ስቱዲዮ ገብቶ ከኪቦርዱ ያነሰ የሚመስልበት ምክንያት ብዙ ጊዜ ማይኩ ነው። ማይክ ደወሉ (የሳክስፎኑ ሰፊ ጫፍ) አፍ ውስጥ ይተክላሉ። ሳክስፎን ግን ትራምፔት አይደለም፤ ድምፁ የሚወጣው ከተከፈቱት ቀዳዳዎች ሁሉ ነው። ደወሉ ላይ ብቻ ከቀዳችሁ የታችኞቹ ሁለት ሦስት ኖታዎች ይጮኻሉ፣ የቀረው ይቀጥናል። ከ30 እስከ 50 ሳንቲ ሜትር ራቅ አድርጉና በደወሉና በግራ እጅ ቁልፎች መካከል አነጣጥሩ። የቁልፍ ኳኳታ ከበዛ ወደ ደወሉ ጥቂት ዘንበል ማድረግ ነው። ከዚያ በፊት ግን መሣሪያው ይሞቅ፤ ቀዝቃዛ ሳክስፎን ቃናው ዝቅ ይላል። ሳይሞቅ ማውዝፒሱን (ነፊው አፉ ውስጥ የሚያስገባውን ክፍል) ወደ ውስጥ ገፍተው ካስተካከሉት፣ ከሁለተኛው ቀረጻ ጀምሮ ከፍ ማለት ይጀምርና ጥፋቱ በነፊው ይላከካል።

አቀናባሪው፦
ሲሞቅም የሚስተው አለ እኮ! በተለይ አምባሰል ቅኝት ላይ። ኪቦርዱ ቢያንስ አይስትም።

አልቶ ነፊዋ፦
እሱን ልመልስልህ፤ ጥፋቱ ብዙ ጊዜ ከአቀናባሪው ነው የሚነሳው። ለድምፃዊው እንዲመች የኪቦርዱን ትራንስፖዝ (ኖታውን ሁሉ ከፍ ዝቅ የሚያደርገውን) ትጫንና ዘፈኑን ኢ (E) ላይ ታደርገዋለህ። አምባሰል ከኢ ሲነሳ ኢ፣ ኤፍ፣ ኤ፣ ቢ፣ ሲ (E, F, A, B, C) ነው። አልቶ የኢ ፍላት መሣሪያ ስለሆነ (ሲ ብሎ ሲነፋ የሚሰማው ኢ ፍላት ነው) ነፊው የሚያነበው ሲ ሻርፕ፣ ዲ፣ ኤፍ ሻርፕ፣ ጂ ሻርፕ፣ ኤ ይሆናል። አሁን መነሻውንና ቀጣዩን ተመልከት። መካከለኛው ሲ ሻርፕ ጣት ሁሉ ተነስቶ ነው የሚነፋው፤ ዲ ደግሞ የሁለቱ እጅ ስድስት ጣት ወርዶ፣ ድምፁን አንድ ኦክታቭ ከፍ የሚያደርገው የኦክታቭ ቁልፍ ተጨምሮ። ሲ ሻርፑ ብዙ ጊዜ ዝቅ ማለት ይቀናዋል፤ ዲው ከፍ ማለት። አምባሰልን አምባሰል የሚያደርገው ያ ጠባብ ግማሽ ድምፅ ተለጥጦ ይሰፋል። ሰሚው «ነፊው ሳተ» ይላል።

መፍትሔው ሁለት ነው። ነፊው ዲን ያለ ኦክታቭ፣ በግራ መዳፍ በሚነካው የላይኛው ዲ ቁልፍ ማውጣት ይችላል፤ ሽግግሩ ይለሰልሳል፣ ድምፁ ግን ስለሚሳሳ ለፈጣን ጌጥ እንጂ ለረጅም ኖታ አይሆንም። የሚሻለው ድምፃዊው ከቻለ ዘፈኑን ግማሽ ድምፅ ከፍ አድርጎ ኤፍ ላይ ማድረግ ነው፤ አልቶው ከዲ ወደ ኢ ፍላት ይሄዳል፣ ሁለቱም የኦክታቭ ቁልፉ ተጭኖ የሚነፉ ናቸው። ይህን ለማወቅ ነፊውን አስቀድሞ መጠየቅ ይበቃል።

ድምፅ ቀራጭ፦
ይህ ልክ ነው። የጂ ሻርፕ ፓድ (ቀዳዳውን የሚደፍነው ባለ ቆዳ ክዳን) የሚጣበቅበትንም ጨምሩበት። እረፍት ላይ ተዘግቶ የሚቆይ ስለሆነ እርጥበት ይይዘዋል፤ በዚያው አምባሰል ውስጥ ጂ ሻርፕ ሲደርስ አይከፈትም። ቀረጻ ከመጀመሩ በፊት ቀጭን ወረቀት ከፓዱ ሥር አስገብቶ ቀስ ብሎ ተጭኖ እርጥበቱን ማስመጠጥ ነው። ፓዱ ተጭኖ ሳለ ወረቀቱን መጎተት ግን ቆዳውን ይልጠዋል።

አቀናባሪው፦
የኢውን ነገር እቀበላለሁ፤ ዘፈኑ የሚነሳበት ኖታ አስቀድሞ ለነፊው ይነገር። ግን ሦስት ድምፅ ያለው የትንፋሽ ክፍል ስጽፍ ሦስት ሰው የሚከፍል አሠሪ የለም። የታችኞቹን ሁለት በኪቦርድ ከመሥራት ማንም አያስቆመኝም።

ባለ ቴነር፦
የታችኞቹን ውሰድ፤ ጆሮ የሚከተለው የላይኛውን ነው። ቅደም ተከተሉን ብቻ አትሳት። ኪቦርዱን ቀድመህ ቀድተህ ነፊውን በላዩ ካስነፋኸው፣ ኪቦርዱ ኖታውን በቆረጠበት ቦታ ለመቁረጥ ሲል ትንፋሹን ያሳጥራል፤ ሐረጉ ሁሉ አንድ ዓይነት ርዝመት ይሆናል። መጀመሪያ ነፊውን በባስና በከበሮ ላይ ብቻ ቅዳው። ኪቦርድህ ከዚያ በኋላ ይግባና እሱ በለቀቀበት ይልቀቅ።