የዓርብ ክርክር፦ ያረገዘች ተጫዋች ደመወዝ የማን ዕዳ ነው?

አወያይ፦ ሰላም ቤተሰብ። ዛሬ ከሴቶች እግር ኳስ ነው የመጣነው። ጥያቄው አጭር ነው። ተጫዋች ስታረግዝ ደመወዟን መክፈል የክለቡ ግዴታ መሆን አለበት ወይ?

መነሻችን አይስላንዳዊቷ አማካይ ሣራ ብዮርክ ጉናርስዶቲር ናት። (አይስላንዶች እንደኛው በአባት ስም ነው የሚጠሩት። ጉናርስዶቲር ማለት የጉናር ልጅ ማለት ነው። ስለዚህ ሣራ እያልን እንቀጥል። ዓመቶቹ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

ስዊድን ማልሞ ላይ አራት ጊዜ ሊጉን በላች። ከዚያ ጀርመን ሄዳ ቮልፍስቡርግ ገባች። በ2020 ክረምት ወደ ፈረንሳዩ ሊዮን ተዛወረች። ሁለት ወር ሳይሞላት በሻምፒዮንስ ሊግ ፍጻሜ የገጠመችው ማንን ነበር? የድሮ ክለቧን። ሊዮን 3 ለ 1 ሲያሸንፍ ሦስተኛዋን ጎል በ88ኛው ደቂቃ ያገባችው እሷ ናት።

በ2021 አረገዘች። ክለቡ ፈቅዶላት ለመውለድ አገሯ ገባች። ኅዳር ላይ ወንድ ልጅ ወለደች። በመሃል ግን ደመወዟ ቀረ። ይደርሳት የነበረው ከፈረንሳይ ማኅበራዊ ዋስትና የሚመጣው ጥቂት ገንዘብ ነው። በተጫዋቾች ማኅበሩ በፊፍፕሮ ድጋፍ ፊፋ ዘንድ ከሰሰች። ወደ ፊፋ ከሄደች ሊዮን ውስጥ ቦታ እንደማይኖራት መልእክት እንደደረሳት ኋላ ራሷ ጽፋለች። በግንቦት 2022 ፊፋ ፈረደላት። ሊዮን ከ82 ሺህ ዩሮ በላይ ከነወለዱ እንዲከፍል ተወሰነ። ክለቡ በበኩሉ «የፈረንሳይን ሕግ አክብሬያለሁ» ነው ያለው።

መድረኩ የእናንተ ነው። ስድብ የለም።

ቲፎዞው፦ እኔ ፊት ለፊት ልናገር። ተጫዋች የሚከፈላት ለመጫወት ነው። ካልተጫወተች ለምኑ ነው የሚከፈላት? እንኳን ማርያም ማረችሽ እላለሁ፣ ከልቤ ነው። ሒሳቡን ግን ክለብ ላይ አትጫኑት።

ስድስት ቁጥር፦ ወንድሜ፣ የጉልበቱ ጅማት የተበጠሰ ተጫዋች ስንት ወር ይተኛል? ዘጠኝ ወር። ደመወዙ ሲቆም አይተሃል?

ቲፎዞው፦ ጉዳት ሥራ ላይ ነው የሚደርሰው። እርግዝና ምርጫ ነው። አይገናኙም።

ጠበቃዋ፦ ጉንፋንስ ሥራ ላይ ነው የሚይዘው? አንተ ራስህ ለሰርግህ ፈቃድ አልወሰድክም? ሰርግ ምርጫ አይደለም እንዴ!

ቲፎዞው፦ ሰርጌ ሦስት ቀን ነው 😂

የመንታ አባት፦ አንድ ነገር ልበል። ልጁን ብቻዋን አልወለደችውም። የልጁ አባትም እግር ኳስ ተጫዋች ነው። በዚያ ጊዜ የሱ ደመወዝ ተቋረጠ? ማንም አልጠየቀውም። እኔም መንታ ሲወለድልኝ ቢሮ ኬክ ነው የቆረጡልኝ። ባለቤቴን ግን አለቃዋ «መቼ ነው የምትመለሺው?» እያለ በሳምንት ሁለቴ ይደውልላት ነበር።

ጋሽ ሒሳቡ፦ ልጆች፣ እኔ 26 ዓመት የሰው ደመወዝ ስሠራ የኖርኩ ሰው ነኝ። ስሜቱን ትተን ቁጥሩን እንይ። ሊዮን ትልቅ ክለብ ነው፣ ይክፈል። የኛን አገር የሴቶች ክለብ ግን አስቡት። በትኬት ሽያጭ አይደለም የሚኖረው። የከተማ አስተዳደር ወይ አንድ መሥሪያ ቤት በዓመት በጀት ይቆርጥለታል። በቃ። 22 ተጫዋች ካለው ሁለቱ በአንድ ዓመት ቢያረግዙ ለነሱም ይከፍላል፣ ለተተኪዎቹም ይከፍላል። በጀቱ ግን ያው ነው።

ሌላም ነገር አለ። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጃችን፣ ቁጥር 1156/2011 (ይሄ እንኳ በኛ አቆጣጠር ነው)፣ ለወላድ ከመውለዷ በፊት 30 ቀን፣ ከወለደች በኋላ 90 ቀን ከነደመወዟ ይሰጣታል። ከፋዩ አሠሪው ነው። ጥሩ ሕግ ነው። ውጤቱን ግን በዓይኔ አይቻለሁ። አንድ መሥሪያ ቤት ቅጥር ላይ ተቀምጬ ነበር። ሁለት ሴቶች እኩል ነጥብ አመጡ። ኃላፊው የአንዷን ፋይል ገልብጦ «ይቺ ባለፈው ጥር ነው ያገባችው» አለ። ሌላ ቃል አልተናገረም። ፋይሉ ተዘጋ። እኔም ዝም አልኩ፣ አልዋሽም። ሸክሙን አንድ አሠሪ ላይ ብቻ ስትጭኑት የሚሆነው ይሄ ነው። ክለብም ዝውውር ላይ እንደዚያው ያደርጋል።

ስድስት ቁጥር፦ ጋሼ፣ ስለ እውነቱ አመሰግናለሁ። ግን መፍትሔው ኃላፊውን መቅጣት ነው ወይስ ወላዷን?

ጠበቃዋ፦ ጋሽ ሒሳቡ ያነሱት ቀላል ነገር አይደለም። የዓለም ሥራ ድርጅት የወሊድ ስምምነት፣ ቁጥር 183 የሚባለው፣ ቢያንስ 14 ሳምንት ፈቃድና ሁለት ሦስተኛ ደመወዝ ይላል። ግን እዚያው ላይ ወጪው አንድ አሠሪ ጫንቃ ላይ እንዳይወድቅ፣ ከማኅበራዊ ዋስትና ወይም ከሕዝብ ገንዘብ እንዲሸፈን ይላል። ፊፋ ከጃንዋሪ 2021 ጀምሮ ያወጣው ደንብም ልኩ ተመሳሳይ ነው። 14 ሳምንት፣ ከዚያ ውስጥ 8ቱ ከወሊድ በኋላ፣ ሁለት ሦስተኛ ደመወዝ። የአገሩ ሕግ የተሻለ ከሰጠ የአገሩ ይሠራል። ከፋዩን ግን ክለብ አደረገው። ፊፋ መንግሥት አይደለም፣ ማኅበራዊ ዋስትና የለውም።

አሁን ሁላችሁም እየዘለላችሁት ያለውን ነገር ላንሳ። እርግዝና ሁለት ምዕራፍ አለው። አንዱ የወሊድ ፈቃዱ ራሱ ነው። ሌላው ከዚያ በፊት ያሉት ወራት ናቸው። ሣራ መጫወት ያቆመችው ገና በመጀመሪያዎቹ ወራት ነው፣ የወለደችው ኅዳር። ፈቃዱ ከመጀመሩ በፊት ብዙ ወራት አሉ። በፊፋ ደንብ በነዚያ ወራት ተጫዋቿ ሌላ ሥራ እንድትሠራ ክለቡ ማመቻቸት አለበት፣ ደመወዟም ሙሉ ነው። ቀላል ልምምድ፣ ወጣቶችን መርዳት፣ የማስታወቂያ ሥራ፣ ምንም ይሁን። እሷ ደግሞ ቤቷ ሆና ልምምዷን አላቆመችም። ስለዚህ «አልሠራችም» ከማለትህ በፊት «ሥራ ተሰጥቷት ነበር ወይ?» በል።

ቲፎዞው፦ እሺ ይሄን አላውቅም ነበር። ግን የአማካይ ተጫዋች ሥራ ፎቶ መነሳት አይደለም።

የማልሞው፦ ከስዊድን ነኝ። እሷን እዚህ ማልሞ እያለች አይቻታለሁ። ማልሞ አይፒ የምትባል አሮጌ ሜዳ አለች፣ ቡናህን ይዘህ አጥሩ ላይ ተደግፈህ ታያለህ። ከሜዳው የምትሰማው ድምፅ የሷ ነበር። ተከላካዮቹን ሳታስጠነቅቅ ኳስ አትቀበልም ነበር።

ወደ ነገሩ ልምጣ። እዚህ ለአንድ ልጅ 480 ቀን ፈቃድ አለ፣ ለእናትና ለአባት። 90 ቀኑ ለእያንዳንዳቸው የተቆለፈ ነው፣ ለሌላው አይሰጥም። 390ው ቀን በደመወዝህ ልክ 80 በመቶ ገደማ ይታሰባል። ከፋዩ የመንግሥት ዋስትና መሥሪያ ቤቱ ነው። አሠሪዬ ለኔ ፈቃድ ሳንቲም አላወጣም። ስለዚህ ፊቱ አልጠቆረም።

ግን ጣሪያ አለው። ከተወሰነ ደመወዝ በላይ ያለው አይቆጠርም። ፈረንሳይም ጣሪያ አለ። ትልቅ ደመወዝ ያላት ተጫዋች ከዋስትናው ብቻ ብትኖር ገቢዋ ገደል ነው የሚገባው። የሣራም ነገር ከዚሁ ነው የመጣው።

የበቆጂ ልጅ፦ ደራርቱ ወልዳ ተመልሳ ሲድኒ ላይ በ10 ሺህ ወርቅ አመጣች። ጥሩነሽ በ2015 ወለደች፣ በ2016 ሪዮ ላይ ነሐስ። ማንን ከሰሱ? ጀግና መንገዱን አያጣም።

ስድስት ቁጥር፦ በደራርቱ ላይ ክርክር የለንም፣ እሷ የሁላችን ናት። ግን ሯጭ ውድድሯን ትመርጣለች። ዓመቱን ሙሉ አንድ ውድድር ላይ ብቻ ማነጣጠር ትችላለች። እኛ ግን በየሳምንቱ ነው የምንጫወተው። ለስምንት ወር ከጠፋሽ ቁጥርሽን ሌላ ሰው ለብሶታል። ደግሞ ጀግና ችላ ተመለሰች ማለት ሌላዋ አትከፈላት ማለት ነው?

ቲፎዞው፦ ሣራስ ብትሆን ከተመለሰች በኋላ ሊዮን ምን አገኘ? ጥቂት ጨዋታ። በ2022 ክረምት ጁቬንቱስ ሄደች። ክለቡ የከሰረ ይመስለኛል።

የማልሞው፦ የከሰረው በራሱ ነው። በማርች 2022 ሜዳ ተመልሳለች። በዚያው ክረምት አይስላንድን በአምበልነት እየመራች አውሮፓ ዋንጫ ላይ ነበረች። ቤልጅየም፣ ጣሊያን፣ ፈረንሳይ። ሦስቱንም 1 ለ 1 ወጡ። ሳይሸነፉ ነው ከምድብ የወደቁት፣ ምን ዓይነት ዕድል ነው! ከብሔራዊ ቡድን በ145 ጨዋታ ስትሰናበት የአገሪቱ ሪከርድ ነበር። በ2024 ደግሞ ሳዑዲ፣ አል ቃድሲያ። ያለቀላት ተጫዋች አልነበረችም።

ጠበቃዋ፦ እዚያው ሊዮን ውስጥ አሜል ማጅሪ ነበረች። በ2022 ሴት ልጅ ወለደች። በ2023 ልጇን ይዛ የፈረንሳይ ብሔራዊ ቡድን ካምፕ ገባች፣ አሠልጣኙ ኤርቬ ሬናር ፈቅዶላት። ጀርመናዊቷ አማካይ ሜላኒ ሎይፖልዝም በ2022 ወልዳ በ2023 ዓለም ዋንጫ ላይ ነበረች። ሣራ ግን በምትጽፈው መሠረት ልጇን ይዛ ከቡድኑ ጋር መጓዝ እንኳ ችግር ነበር፣ አውሮፕላን ውስጥ ቢያለቅስስ ተብሎ።

የመንታ አባት፦ ከተሸነፈ ቡድን ጋር የተጓዘ ሰው ማን እንደሚያለቅስ ያውቃል።

ስድስት ቁጥር፦ አሁን እኔ ያየሁትን ልንገራችሁ። ክለቡን አልጠራም።

አብራኝ አማካይ የምትጫወት ጓደኛ ነበረችኝ። አንድ ሰሞን ጠባይዋ ተለወጠብን። ኳስ በደረቷ ማቆም ተወች። ከላይ የመጣ ኳስ ሲሆን ጀርባዋን ትሰጣለች። ግጭት ካየች እግሯን ትሰበስባለች። አሠልጣኙ ሁላችን ፊት «ፈሪ» ብሎ ወንበር ላይ አስቀመጣት። ልብስ ስንቀይር እሷ ሽንት ቤት ገብታ ትቀይር ነበር። አንድ ቀን በሩ ገርበብ ብሎ አየኋት። ከማልያዋ ሥር ሆዷን በነጠላ ጠፍንጋ አስራዋለች። አምስተኛ ወሯ ነበር።

ለምን ደበቅሽ አልኳት። «የቤት ኪራይ አለብኝ» አለችኝ። ነገሩ በታወቀ በሚቀጥለው ወር ስሟ ከደመወዝ ሊስቱ ወጣ። ለማንም ደብዳቤ አልተጻፈም። ውሏን አምጥተን አነበብን። ሦስት ገጽ ነው። ማልያ ለጣለ ተጫዋች ቅጣት አንድ ሙሉ አንቀጽ አለው። ስለ እርግዝና አንድም ቃል የለውም።

ቲፎዞው፣ ደመወዝ ስታቆሙ እርግዝና አይቀርም። ይደበቃል። አምስት ወር ኳስ እየተመታባት የተጫወተችው ለዚህ ነው።

ቲፎዞው፦ …

ጋሽ ሒሳቡ፦ እኔ የምለው ይከፈላት ነው ልጄ፣ አልተግባባንም። ማን ይክፈል የሚለው ላይ ነው ያለሁት። ተጫዋች ለብሔራዊ ቡድን ሄዶ ሲጎዳ ፊፋ ለክለቡ ደመወዙን የሚተካበት አሠራር እንዳለው አንብቤያለሁ።

ጠበቃዋ፦ አለ ጋሼ። ከ28 ቀን በላይ ለሚቆይ ጉዳት።

ጋሽ ሒሳቡ፦ ይኸው! ለጉዳት ከተቻለ ለእርግዝናም ይቻላል። ፌዴሬሽኑ ከእያንዳንዱ ውል ትንሽ ትንሽ ይቁረጥ፣ ከወንዶቹም ጭምር። ቋት ይኑር። ያረገዘች ስትኖር ከቋቱ ይከፈል። ክለቡ ተተኪዋን ብቻ ይክፈል። ያኔ «ጥር ነው ያገባችው» የሚል ኃላፊ ምክንያት ያጣል።

ጠበቃዋ፦ በዚህ እስማማለሁ፣ አንድ ነገር ጨምሬ። ቋቱ እስኪቋቋም ክለቡ ይክፈል። ቀዳዳ ከተገኘ ሁሉም በቀዳዳው ነው የሚወጣው። የፊፋው ደንብ ለክለቡም አስቧል። ተተኪ ከዝውውር መስኮት ውጭ ማስመዝገብ ይችላል። በእርግዝና ምክንያት ውል ካፈረሰ ግን ካሣው ላይ የስድስት ወር ደመወዝ ይጨመርበታል።

የበቆጂ ልጅ፦ ከወንዶቹም ይቆረጥ ያላችሁት ላይ ግን ጦርነት ይነሳል።

የመንታ አባት፦ ይነሳ። እነሱም ይወልዳሉ እኮ።

ቲፎዞው፦ ትልቅ ክለብ ይክፈል፣ ትንሹን ቋት ይርዳው። እዚህ ድረስ መጥቻለሁ። ከዚህ በላይ አትጎትቱኝ። ስድስት ቁጥር፣ አንድ ጥያቄ ግን። ያ ውል ላይ ማልያ ለጣለ ቅጣቱ ስንት ነበር?

ስድስት ቁጥር፦ የወር ደመወዝ ሩብ። ሁለተኛ ከጣለች ግማሽ።

ቲፎዞው፦ እና እሷ ማልያዋን መልሳለች?

ስድስት ቁጥር፦ አጥባ፣ አጣጥፋ።