የጥርስን ገጾች በአማርኛ ለመጥራት፦ ለጠቅላላ ጉባኤ የምናቀርበው የጋራ ሐሳብ

አስተባባሪ፣ አዲስ አበባ

ጤና ይስጥልኝ አባላት። ባለፈው ስብሰባ በተስማማነው መሠረት ውይይቱን ልክፈተው። ለጉባኤው የምናቀርበው አንድ ገጽ ወረቀት ነው። ጥርስ ላይ ቦታ ስንጠቁም የምንጠቀምባቸው የአማርኛ ቃላት ይሰፍሩበታል። ለታካሚ ማስረጃ፣ ለስምምነት ፎርም እና ለሪፈር ወረቀት እንዲሆን ነው። የታካሚው ካርድ ላይ ሜዚያል፣ ዲስታል፣ ባካል በሚሉት የውጭ ቃላት እንደለመድነው እንቀጥላለን። እሱን አንነካም።

ለምን እንደምጨነቅበት ልንገራችሁ። ሥራ በጀመርኩ በሁለተኛው ዓመት አንዲት እናት ልጃቸውን ይዘው መጡ። ይዘውት የመጡት ወረቀት «በግራ፣ ከላይ፣ ከውስጥ በኩል የተበላ መንጋጋ» ይላል። የልጁን አፍ አስከፈትኩት። በእኔ ግራ በኩል ያለው የላይኛው መንጋጋ ላይ ቡናማ ነጥብ አየሁ። ማደንዘዣውን ላነሳ ስል ልጁ በመዳፉ ሌላኛውን ጉንጩን ደግፎ ይዟል። እዚያው ቆምኩ። «ግራ» የተባለው የልጁ ግራ ነበር። «ከላይ» የተባለውም የታችኛው ጥርስ የላይኛው ገጽ ነው። «ከውስጥ» የተባለው በምላስ በኩል ይሁን ወይስ ጥርሱ ውስጡ ተቦርቡሮ፣ ዛሬም አላውቅም። ሦስት ቃል ነው፣ ሦስቱም ሁለት ሁለት ትርጉም አላቸው። ያ ልጅ ጉንጩን ባይዝ ኖሮ ጤነኛ ጥርስ ነቅዬበት ነበር።

መነሻ ይሁነን ብዬ የሞከርኩት ይኸውና። ባካል፦ የጉንጭ ገጽ። ሌቢያል፦ የከንፈር ገጽ። ሊንጓል፦ የምላስ ገጽ። ፓላታል፦ የላንቃ ገጽ። ኦክሉዛል፦ ማኘኪያ ገጽ። ኢንሳይዛል፦ መቁረጫ ጠርዝ። ሜዚያል (ወደ መሃል መስመር የሚያየው)፦ መሃላዊ ገጽ። ዲስታል (ከመሃል መስመር የራቀው)፦ ሩቅ ገጽ። ሳትሳሱ አርሙት።

መምህር፣ ባሕር ዳር

ዶክተር ልጄ፣ መንገዱን አግኝተሽዋል። ጥርስን በጎረቤቱ መጥራት ትክክል ነው። ላይና ታች፣ ቀኝና ግራ ተመልካቹ በቆመበት ይለዋወጣሉ። ጉንጭ ግን የትም ቢቆሙ ጉንጭ ነው።

ነገር ግን «የምላስ ገጽ» ስትዪኝ እኔ የታየኝ ምላስ ነው። የጥርስ ገጽ መሆኑ አይገባኝም። «የከንፈር ገጽ»ም እንደዚያው። አማርኛ ለዚህ መፍትሔ አለው። እኔ ሠላሳ ዓመት ሰዋስው ሳስተምር «ከንፈራዊ ድምፅ»፣ «ላንቃዊ ድምፅ» እያልኩ ነው። በ እና መ ከንፈራዊ ናቸው፤ ሸ፣ ቸ፣ ጀ፣ ኘ ላንቃዊ ናቸው። ተማሪው ስምንተኛ ክፍል ሳይደርስ ቃሉን ሰምቶታል። ስለዚህ ከንፈራዊ ገጽ፣ ጉንጫዊ ገጽ፣ ምላሳዊ ገጽ፣ ላንቃዊ ገጽ እንበል። አዲስ ቃል አልፈጠርንም።

«መሃላዊ» ግን ይቅር፣ እባካችሁ። ጮክ ብላችሁ አንብቡት። ሰሚው የሚሰማው «መሐላ» ነው። ሰው ጥርሱን ሊታከም መጥቶ የሚምል ይመስለዋል። «ማዕከላዊ»ም አይሆንም፤ ለመሃለኛው የፊት ጥርስ ስም ያስፈልገናል።

ሌላም አለኝ። ሕዝባችን «መንጋጋ» ሲል አንዳንዴ ጥርሱን፣ አንዳንዴ አጥንቱን ነው። ጥርሱን መንጋጋ፣ አጥንቱን መንጋጭላ ብለን እንለይ።

የጥርስ ሕክምና ባለሙያ፣ ደሴ

መምህር፣ በእርስዎ ሐሳብ ደስ ብሎኛል። ጤና ጣቢያ ለሚመጡ እናት ግን «ላንቃዊ ገጽዎ ተቦርቡሯል» ብላቸው አይገባቸውም። እኔ የምለው «በላንቃ በኩል»፣ «በጉንጭ በኩል» ነው። ከዚያ «እስቲ በምላስዎ ይንኩት» እላለሁ። ሲነኩት ፊታቸው ይለወጣል፤ ቦታውን አገኙት ማለት ነው። በቃ፣ ከዚያ በኋላ አንጠፋፋም።

ስለዚህ ሁለት ዓምድ ይኑረን። አንዱ ባለሙያ ለባለሙያ የሚጽፈው፣ ሌላው ታካሚ የሚሰማው። «ጉንጫዊ ገጽ» በአንዱ፣ «በጉንጭ በኩል» በሌላው።

ይህን ካነሳሁ አይቀር፣ በእኛ አካባቢ ዛሬም «ግግ» እየተባለ የሕፃናት ድድ ይቆረጣል። ተቅማጥና ትኩሳት ያመጣል ተብሎ የሚወጣው ነጭ ነገር ገና ያልበቀለ የወተት ክራንቻ ነው። ከሥሩ ያለው ቋሚ ክራንቻም አብሮ ሊጎዳ ይችላል። ወረቀታችን ላይ ሥዕል ከገባ የክራንቻው ቡቃያ ያለበት ቦታ ይታይበት። እናቶች ቦታውን በዓይናቸው ሲያዩ ነው የሚያምኑት። ከርዕሱ ትንሽ እንደወጣሁ አውቃለሁ፣ ግን ሳልናገረው ማለፍ አልቻልኩም።

አስተባባሪ፣ አዲስ አበባ

አልወጣሽም፣ ይገባል። ሁለት ዓምዱንም ተቀብያለሁ። «አዊ»ው ለባለሙያ፣ «በኩል» ለታካሚ። የቀረን ትልቁ ጉዳይ ሜዚያልና ዲስታል ነው።

ተማሪ፣ ጎንደር

እኔ ላቅርብ። የምንማርበት የኤፍዲአይ (የዓለም የጥርስ ሕክምና ፌዴሬሽን) የጥርስ ቁጥር ሁለት አኃዝ አለው። የመጀመሪያው ከአራቱ የአፍ ክፍሎች የትኛው እንደሆነ ይነግረናል። ሁለተኛው ከመሃል መስመር ወደ ኋላ ከ1 እስከ 8 ይቆጥራል። ስለዚህ እያንዳንዱ ጥርስ በአንድ ጎኑ ከእሱ የቀደመ ቁጥር አለ፣ በሌላው ጎኑ የሚከተለው አለ። «ቀዳሚ ገጽ» እና «ተከታይ ገጽ» ብንልስ? የ6 ቀዳሚ ገጽ 5ን ያያል፤ ተከታይ ገጹ 7ን ያያል። ቁጥሩን የያዘ ሰው ገጹን አይስትም።

የጥርስ ቴክኒሻን፣ አዳማ

5 ከተነቀለስ? ደግሞ የ1 ቀዳሚ ማን ነው?

ተማሪ፣ ጎንደር

5 ቢነቀልም ቦታው 5 ነው፤ ገጹ ወደዚያው ይዞራል። የ1 ጥያቄ ግን ጥሩ ነው። ሁለቱ 1ዎች ቀዳሚ ገጻቸውን እርስ በርስ ያጋጥማሉ። ፍንጭት ያላት ሴት ስትስቅ የምናየው ክፍተት በ11 እና በ21 (በላይኛው ቀኝና በላይኛው ግራ 1) ቀዳሚ ገጾች መካከል ነው። ለጓደኞቼ በዚህ ሳስረዳቸው ወዲያው ነው የገባቸው።

የጥርስ ሕክምና ባለሙያ፣ ደሴ

ለባለሙያ እስማማለሁ። ለታካሚ ግን «ቀዳሚ» ማለት ቀድሞ የበቀለ ነው። የመጀመሪያው ቋሚ መንጋጋ ስድስት ዓመት አካባቢ ይበቅላል፣ ከሱ ፊት ያሉት የወተት መንጋጋዎች ሳይወድቁ። እናትየዋ ቀዳሚውን ጥርስ በበቀለበት ቀን ነው የምትቆጥረው።

እኔ ብዙ ጊዜ «ወደ አፍንጫ በኩል» እና «ወደ ጆሮ በኩል» እላለሁ።

የጥርስ ቴክኒሻን፣ አዳማ

ጆሮው ይሁን። አፍንጫው ግን ለላይኛው ጥርስ ወደ ሥር ይሆናል። አፍንጫ ከላይኛው ጥርስ በላይ ነው።

የጥርስ ሕክምና ባለሙያ፣ ደሴ

ልክ ነህ ወንድሜ፣ እሱን አላሰብኩትም። እንግዲያው «በመሃል መስመር በኩል» እና «በጆሮ በኩል»። መስመሩን በጣት ማሳየት ይቻላል፤ ከግንባር ተነስቶ በአፍንጫ ወርዶ አገጭ ላይ ያበቃል።

አስተርጓሚ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ

ከሩቅ ሆኜ ስከታተል ነበር። እኔ ጥርስ ሐኪም አይደለሁም፤ በሐኪምና በታካሚ መካከል ቁጭ ብዬ የማስተረጉም ነኝ። እዚህ አሜሪካ፣ ዋሽንግተን ዲሲ አጠገብ፣ የኛ ሰው ብዙ ነው። ዋሽንግተን ዲሲ በ2004 እ.ኤ.አ. ያወጣችው የቋንቋ ተደራሽነት ሕግ አማርኛንም ስለሚያካትት የአማርኛ ወረቀት ይመጣል። ወረቀት በመጣ ቁጥር ግን ተርጓሚው ሁሉ የየራሱን ቃል ነው የሚጽፈው። አንዱ «የውስጥ ጎን»፣ ሌላው «የኋላ ጎን» ይላል።

ከቃላቱ በላይ የሚያስፈራኝ ቁጥሩ ነው። አሜሪካ ውስጥ ጥርስ የሚቆጠረው ከ1 እስከ 32 በተከታታይ ነው። ከላይኛው ቀኝ የመጨረሻ መንጋጋ ተነስቶ በላይኛው ግራ 16 ላይ ይደርሳል፣ ከዚያ ወደ ታች ወርዶ ይመለሳል። ባለፈው ክረምት አንድ አባት ከአዲስ አበባ ይዘውት የመጡት ወረቀት 16 ቁጥር ይላል። በአገር ቤት 16 የላይኛው ቀኝ የመጀመሪያ መንጋጋ ነው። እዚህ 16 የላይኛው ግራ የመጨረሻ መንጋጋ ነው። በአፍ ውስጥ ከዚህ የራቀ ቦታ የለም ማለት ይቻላል። ሐኪሟ ራጅ ስላነሳች ተገኘ። ወረቀቱን ብቻ ብትይዝ ኖሮ ምን እንደሚሆን ማሰብ አልፈልግም።

ሐሳቤ ይህ ነው። የኤፍዲአዩን ቁጥር ሁለት አኃዝ መሆኑ እንዲሰማ «አንድ-ስድስት» እንበለው። «አሥራ ስድስት» አንበል። ከቁጥሩ አጠገብም ሁልጊዜ በቃል ይጻፍ፦ «የላይኛው ቀኝ የመጀመሪያ መንጋጋ»። ቁጥር ብቻውን ባሕር አይሻገር።

አስተባባሪ፣ አዲስ አበባ

በጣም አመሰግናለሁ። ይህ በረቂቁ መጀመሪያ ላይ ይገባል። እኛም ትምህርት ቤት «አንድ-ስድስት» ነው የተባልነው፤ ሥራ ላይ ስንቸኩል ነው «አሥራ ስድስት» ማለት የጀመርነው።

የጥርስ ቴክኒሻን፣ አዳማ

ለላቦራቶሪ ደግሞ አጭር ምልክት ያስፈልገናል። የሚደርሰኝ ወረቀት የመዳፍ ግማሽ አይሆንም፤ ጂፕሰም ይነካዋል፣ ውሃ ይነካዋል። ሦስት ገጽ የሚይዝ ሙሌት «ቀዳሚ-ማኘኪያ-ተከታይ» ተብሎ ቢጻፍልኝ ቦታው አይበቃውም። በመጀመሪያ ፊደል ብቻ እንጻፍ ብዬ ሞከርኩት። ምላሳዊ ም፣ ማኘኪያ ማ፣ መቁረጫ መ። ሦስቱም የመ ቤት ናቸው። በችኮላ የተጻፈ ማ እና መ ከእርጥብ ወረቀት ላይ ለዩ ብባል አልችልም። ቀዳሚ ቀ፣ ተከታይ ተ ደግሞ ከዚያ ይብሳሉ። የቀ ክብ ከጠፋች ተ ነው። ቀዳሚና ተከታይ ተሳሳቱ ማለት ድልድዩ (በጎደለ ጥርስ ቦታ የሚሠራው) በማይሆን በኩል ተሠራ ማለት ነው፣ ሥራው ሙሉ በሙሉ ይጣላል።

መምህር፣ ባሕር ዳር

ይህን ከእጅ ሠራተኛ በቀር ማንም አያየውም ነበር። ፊደላችን በቤት የተደራጀ ስለሆነ አንድ ፊደል አይበቃም። ሁለት ሁለት ፊደል ውሰዱ። ቀዳ፣ ተከ፣ ጉን፣ ከን፣ ምላ፣ ላን። ማኘኪያን ከመካከሉ ኘኪ፣ መቁረጫ ጠርዝን ጠር ብትሉት የመ ቤት ጣጣ ያበቃል።

የጥርስ ቴክኒሻን፣ አዳማ

«ቀዳ-ኘኪ-ተከ»። እስክሪብቶ ይዤ አሥር ጊዜ ጻፍኩት፣ ውሃም አስነካሁት። ይነበባል።

ተማሪ፣ ጎንደር

እኔ ደግሞ ከአናቶሚ ክፍል የተዋስኩትን የ46 (የታችኛው ቀኝ የመጀመሪያ መንጋጋ) ሞዴል በእጄ ይዤ ቃላቱን ፈተንኳቸው። ማኘኪያ ገጹ ላይ አምስት ጉብታ አለ። ሦስቱ ጉንጫዊ፣ ሁለቱ ምላሳዊ ናቸው። ሥሮቹ ሁለት ናቸው፦ አንዱ ቀዳሚ፣ አንዱ ተከታይ። የላይኛውን 16 ሳነሳ ሦስት ሥር አለው፤ ሁለቱ ጉንጫዊ፣ አንዱ ላንቃዊ። ሁለቱን ጉንጫዊ ለመለየት «ቀዳሚ-ጉንጫዊ» እና «ተከታይ-ጉንጫዊ» አልኩ። ሁሉም ሠራ።

አንድ ቃል ብቻ አስቸገረኝ። በጉብታዎቹ መካከል ያለውን መስመር የክፍል ጓደኞቼ «ስንጥቅ» ይሉታል።

የጥርስ ሕክምና ባለሙያ፣ ደሴ

በፍጹም። «ጥርስዎ ላይ ስንጥቅ አለ» ያልከው ሰው ተሰብሯል ብሎ ነው የሚሄደው። ከዚያም ጎረቤቱ ያስነቅለዋል። «ቦይ» በለው። ውሃ የሚወርድበት፣ ምግብም የሚቀርበት። ልጆች ላይ ቦዩን ስንደፍን «ቦዩን እንዘጋዋለን» እላለሁ፣ ይገባቸዋል።

ተማሪ፣ ጎንደር

ቦይ ይሁን። አንድ ነገር ደግሞ ስለ ርዕሱ። በመጀመሪያው ስብሰባ «አምስቱ ገጾች» ብለን ነበር። የፊት ጥርስ ግን መቁረጫው ጠርዝ እንጂ ገጽ ተብሎ አይቆጠርም። በጥናት ላይ የተበሉ ገጾች ሲቆጠሩ የፊቱ 4፣ የኋላው 5 ተብሎ ነው። የመጨረሻዎቹ መንጋጋዎች ሳይገቡ በ28 ጥርስ 128 ገጽ ይሆናል። «አምስቱ» የሚለው ይውጣ።

አስተባባሪ፣ አዲስ አበባ

ወጥቷል። ድድ አጠገብ ላለው «አንገት» ብለን እንለፍ፣ ሁሉም ሰው ይለዋል። ለሥሩ መጨረሻ «የሥር ጫፍ»። ሁለት ጥርስ የሚነካኩበትን «መገናኛ» ብያለሁ፤ ለታካሚ «ስቴኪኒ የሚገባበት» ቢባል ማንም አይስተውም።

«ክራውን» ላይ ግን አልወሰንኩም። በክሊኒክ ክራውን ማለት የሚሠራው ሽፋን ሆኗል። የተፈጥሮውን የጥርስ ክፍል «አናት» ብንለው?

መምህር፣ ባሕር ዳር

አናት ጥሩ ነው። አናት፣ አንገት፣ ሥር። ሦስቱም የቤት ቃል ናቸው።

አስተርጓሚ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ

እስማማለሁ። ረቂቁ ሲያልቅ እዚህ ያሉ ሦስት አስተርጓሚ ጓደኞቼን አስነብባለሁ። ያልገባቸውን ቃል ሳላስተካክል እንዳለ እልክላችኋለሁ።

አስተባባሪ፣ አዲስ አበባ

ሥራውን እንከፋፈል። መምህር የፊደል አጻጻፉን ያያሉ። ከአዳማ ወንድማችን የላቦራቶሪውን ምልክት ይይዛል። የጎንደሩ ተማሪ ሁለት ሥዕል ይሠራል፤ አንዱ የታች መንጋጋ፣ አንዱ የላይ የፊት ጥርስ። ደሴ የታካሚውን ዓምድ ትጽፋለች፤ የግግን ቦታም ታሳያለች። ከጉባኤው በፊት በየሥራ ቦታችን ለሦስት ወር እንሞክረው። ታካሚው «የቱ ጋ?» ብሎ ደግሞ የጠየቀባቸውን ቃላት እየመዘገብን።

የጥርስ ሕክምና ባለሙያ፣ ደሴ

እሺ ዶክተር። ሥዕሉ ላይ ቀኝና ግራ ይጻፍበት፣ የታካሚው ቀኝ፣ የታካሚው ግራ ተብሎ። «ቀኝ» ብቻ አይሁን።

ተማሪ፣ ጎንደር

ተመዝግቧል። እጁን ጉንጩ ላይ ያደረገ ልጅ እሥላለሁ፤ የሚያመውን በኩል የያዘ።

አስተባባሪ፣ አዲስ አበባ

ይሁን። ዓርብ ማታ ሙሉውን ረቂቅ እልካለሁ።