ከጅማ ተነስቶ በአንድ ቀን ተራራም ሐይቅም ማየት፦ ለስምንት ሰው የትኛው መስመር ይሻላል?

ፈረንጅ አራዳ (ጠያቂ)

ሰላም ለሁላችሁ። ስምንት ሆነን አንድ መኪና ኮንትራት ይዘን ቅዳሜ ጠዋት ከጅማ ወጥተን ማታ ለመመለስ አስበናል። ከመካከላችን ሁለቱ ከስልሳ ዓመት በላይ ናቸው፣ የዘጠኝ ዓመት ልጅም አለ። ፍላጎታችን ከፍ ያለ ቦታ ወጥቶ አገር ማየት፣ ትንሽ በእግር መሄድና ውሃ ዳር መቀመጥ ነው። ግማሾቹ «ወንጪ እንሂድ» ይላሉ፣ ግማሾቹ ደግሞ «የግልገል ጊቤ ግድብ ሐይቅ ይበቃል» ባዮች ናቸው። ወንጪ በአንድ ቀን ደርሶ መመለስ ይቻላል? ካልተቻለስ ቀኑን እንዴት ብናደርገው ይሻላል? ምን ዓይነት መኪና እንያዝ? ወጪውንስ እንዴት እናስላው? የምታውቁ በዝርዝር ብትነግሩን።

ሂርማታ

ወንጪን ለዚህ ቀን እርሱት። ቦታው ባይታይ የሚያስቆጭ ነው፣ ችግሩ ሰዓቱ ነው። ከጅማ ወሊሶ ወደ 235 ኪሎ ሜትር ነው፣ ከወሊሶ ወደ ወንጪ ደግሞ 40 ያህል ዳገት አለ። በዚህ መንገድ ጉድጓዱ፣ ከብቱ፣ የጊቤ በረሃ ቁልቁለትና ዳገቱ ተደምረው በሰዓት ከ45 እስከ 50 ኪሎ ሜትር በአማካይ ከሄዳችሁ ጥሩ ነው። ያ ማለት መሄጃ ብቻ ስድስት ሰዓት ገደማ ነው። የቀን ብርሃን ያለው ወደ 12 ሰዓት ስለሆነ ሙሉው በመኪና ውስጥ ያልቃል፤ ወይ ወንጪን ሳታዩ ትመለሳላችሁ፣ ወይ የጊቤን ቁልቁለት በጨለማ ትወርዳላችሁ። ወንጪ ወሊሶ አድሮ የሚኬድ ነው።

ለእናንተ የሚሆነው የግልገል ጊቤ ሐይቅና የየም ከፍታ (የፎፋ ተራራ) አንድ ላይ ነው። ሁለቱም በዚያው በአዲስ አበባ መንገድ ላይ ስለሆኑ ወዲህና ወዲያ መዞር የለም። ጅማ፣ ሰርቦ፣ አሰንዳቦ፣ ደነባ፣ ሰኮሩ፣ ሳጃ፤ ከሳጃ ተገንጥሎ ወደ ፎፋ ይወጣል። ደርሶ መልሱ 260 ኪሎ ሜትር አካባቢ ነው።

ብዙ ሰው የሚሳሳተው ቅደም ተከተሉ ላይ ነው። ሐይቁ ቀድሞ ስለሚገኝ እዚያ ወርዶ ፎቶ ሲያነሳ ረፋዱ ያልፋል፣ ተራራው ላይ የሚደርሰው ከሰዓት በኋላ ነው። በኛ አካባቢ ደመናው የሚከመረው ከሰባት ሰዓት ጀምሮ ነው፣ ዝናቡም አብዛኛውን ጊዜ ከሰዓት በኋላ ይጥላል። የፎፋው ዳገት ዝናብ ሲያገኘው ያዳልጣል፤ በጭጋግ ከወጣችሁ ደግሞ የምታዩት የመኪናውን መስታወት ብቻ ነው። ስለዚህ ሐይቁን ስትሄዱ እለፉት፣ ስትመለሱ ቁሙበት።

ሰዓቱን እንዲህ አድርጉት። 12 ሰዓት ከጅማ መነሳት (መሰባሰቢያው አጂፕ ቢሆን ወደ መውጫው ይቀርባል)። 1፡15 አሰንዳቦ፣ ቁርስ ግማሽ ሰዓት። 3 ሰዓት ሳጃ፣ አስጎብኚ መያዝ። ከ4፡15 እስከ 6፡30 ፎፋ አካባቢ የእግር ጉዞ። 7፡30 ሰኮሩ ምሳ። ከ9 እስከ 10፡30 ሐይቁ ዳር። 12 ሰዓት ጅማ። ጀምበር የምትገባው 12 ሰዓት ተኩል አካባቢ ስለሆነ የሚተርፋችሁ ግማሽ ሰዓት ነው፣ እሱም ለጎማ መቀየሪያ ነው። «እግረ መንገዳችንን አባ ጅፋር ቤተ መንግሥትም እንይ» የሚል ሰው ካለ እምቢ በሉት። ቤተ መንግሥቱ ያለበት ጅሬን ከከተማው ጥቂት ኪሎ ሜትር ብቻ ስለሚርቅ ሌላ ቀን በግማሽ ቀን ይታያል።

አንድ ነገር ልጨምር፣ መኪና ውስጥ ለልጁ የምትነግሩት ይሆናል። የግልገል ጊቤ አንድ ግድብ 184 ሜጋዋት የሚያመነጭ ሲሆን ሥራ የጀመረው በ1996 ዓ.ም. ነው። ከዚያ የሚወጣው ውሃ እንደገና ተይዞ በ26 ኪሎ ሜትር ዋሻ በፎፋ ተራራ ሥር ያልፍና በኦሞ ሸለቆ በኩል ወጥቶ ጊቤ ሁለትን ያንቀሳቅሳል፣ 420 ሜጋዋት። ያ ደግሞ በ2002 ዓ.ም. የተመረቀ ነው። ጠዋት የምትቆሙበት ተራራ ሥር የሚሄደው ውሃ ከሰዓት በኋላ ዳሩ የምትቀመጡበት ውሃ ነው ማለት ነው። ይህን አውቆ ሲያዩት ቀኑ አንድ ነገር ይሆናል፣ እኔ ይህን መስመር የምወደውም ለዚህ ነው።

ጎማና ፍሬን

ስለ መኪናው። ለስምንት ሰው ባለ 12 ወንበር ሃይሩፍ ወይም ዶልፊን ያዙ። ሁለት ወንበር ለዕቃ ይተርፋችኋል፣ ለአስጎብኚውም ቦታ ይኖራል። ሃርድቶፕ ላንድክሩዘር ዳገቱን የበለጠ ይችላል፣ ግን ኋላ ያሉት ጎን ለጎን ስለሚቀመጡ ለትልልቅ ሰዎች ወገብ አይሆንም። በክረምት ግን ምርጫ የላችሁም፤ ከሰኔ እስከ ነሐሴ ከአስፋልት ለመውጣት በአራቱም ጎማ የሚጎትት መኪና ያስፈልጋል።

ናፍጣው፦ ሃይሩፍ በዚህ መንገድ ለ100 ኪሎ ሜትር ከ10 እስከ 12 ሊትር ይበላል፣ ስለዚህ ለ260 ኪሎ ሜትር ቢያንስ 32 ሊትር ያዙ። ሃርድቶፕ ከሆነ 40። ዋናው ነገር አርብ ማታ መቀዳቱ ነው። ቅዳሜ ጠዋት ማደያ ላይ ሰልፍ ከገጠማችሁ የ12 ሰዓቱ መነሻ 2 ሰዓት ይሆናል፣ ተራራውም ወደ ደመናው ሰዓት ይገፋል። በመንገድ እንቀዳለን ብላችሁም አትውጡ።

ከባለ መኪናው ጋር ስትስማሙ ዋጋው ነዳጅን፣ የሹፌር ውሎ አበልንና የሹፌሩን ምግብ ያካትት እንደሆነ ለይታችሁ ጻፉ። ጠብ የሚነሳው ሁልጊዜ እዚያ ላይ ነው። ሌላው፣ «እስከ ሳጃ» ብላችሁ ተዋውላችሁ ፎፋ ውጣ ስትሉት ተጨማሪ ይጠይቃችኋል፣ ልክም ነው። የሚሄድበትን ሁሉ በስም ጥሩ። ቀብድ ከሩብ በላይ አትስጡ። ታርጋውም ኮድ 3 ይሁን፤ ኮድ 2 የቤት መኪና በክፍያ ሰው ጭኖ አደጋ ቢደርስ ኢንሹራንሱ ላይ ጣጣ አለው። የሕዝብ ማመላለሻ ከሆነ ደግሞ ከመስመሩ የሚወጣበትን ፈቃድ አስቀድሞ ያውጣ፣ አለበለዚያ ኬላ ላይ ያቆሟችኋል።

አርብ ማታ መኪናውን ራሳችሁ እዩት። ስፔር ጎማው መኖሩ አይበቃም፤ አውርዳችሁ በእጅ ተጫኑት፣ ነፋስ ከሌለው ያኔውኑ ይሞላ። ክሪኩና የጎማ መፍቻው አሉ? መፍቻው የጎማውን ብሎን ይገጥማል? የዚህ መንገድ ዋና ችግር ጉድጓድ የሚሰነጥቀው ጎማ ነው። ጎማው ራሰ በራ ከሆነ መኪናውን ቀይሩት።

ከፎፋ ስትወርዱ ሹፌሩ በወጣበት ማርሽ ይውረድ። ማርሽ አውጥቶ ወይም በአራተኛ ለቆ ፍሬን እየረገጠ የሚወርድ ከሆነ የፍሬኑ ሸራ ይግላል፣ የተቃጠለ ሽታ ይመጣል፣ ከዚያ ፍሬኑ መያዝ ያቆማል። ሽታው ከመጣ አቁማችሁ ሃያ ደቂቃ ጠብቁ። ውሃ አይደፋበት።

ፈረንጅ አራዳ

እግዜር ይስጥልን፣ ወንጪን ትተናል። ሐይቁ ዳር መኪናው የት ይቁም? ልጁ ውሃ ሲያይ አይቻልም፣ መግባት ይችላል? ፈቃድስ ያስፈልጋል?

ነርስ ሰጦ

ልጁ ውሃው ውስጥ አይግባ፣ እግሩንም አያስነክር። ቢልሃርዚያ በአካባቢያችን ያለ በሽታ ነው፣ የሚገባውም ዳር ላይ ቀንድ አውጣ ባለበት የተኛ ውሃ በቆዳ በኩል ነው። መጠጣት አያስፈልገውም፣ መነከር ይበቃል። ጉማሬም አለ። ውሃው ጠርዝ ላይ ሳሩ ተረግጦ እንደ መኪና መንገድ ሁለት ሰንበር ሠርቶ መሐሉ ከፍ ብሎ ካያችሁ ያ የጉማሬ መውጫ ነው፤ እዚያ ላይ አትቀመጡ፣ በውሃውና በመውጫው መካከልም አትቁሙ። ጉማሬ የሚወጣው ሲመሽ ስለሆነ 10፡30 ላይ መነሳታችሁ ጥሩ ነው።

ዳሩን በተመለከተ ወቅቱን እዩ። ከመስከረም እስከ ኅዳር ውሃው ሞልቶ ሣሩ ድረስ ይመጣል። ከየካቲት በኋላ ግን ኃይል ለማመንጨት ስለሚወርድ ወደ ኋላ ይሸሻል፣ የሚተወውም ጭቃ ነው። ላዩ ደርቆ ተሰነጣጥቆ ጠንካራ ይመስላል፤ ጥቂት እርምጃ እንደገባችሁ ቅርፊቱ ይሰበርና እግር እስከ ጉልበት ይሰምጣል፣ ጫማውም እዚያው ይቀራል። መኪና ከሆነማ ትራክተር ካልጎተተው አይወጣም። መኪናውን አስፋልቱ ዳር ጠንካራ ትከሻ ላይ አቁማችሁ፣ ጎማው ሥር ድንጋይ አድርጋችሁ በእግር ውረዱ።

ግድቡና ኃይል ማመንጫው ያለ ኢትዮጵያ ኤሌክትሪክ ኃይል ፈቃድ አይገባም፣ ፎቶም አታንሱት። ሐይቁን ከመንገድ ማየት ይቻላል። ለተራራው ግን አስቡበት፦ ከሳጃ ጀምሮ የም ዞን ነው፣ በማዕከላዊ ኢትዮጵያ ክልል ሥር። የጅማ ወረቀት እዚያ አይሠራም። የዞኑ ባህልና ቱሪዝም ቢሮ ሳጃ ነው፣ ቅዳሜ ደግሞ ዝግ ነው። ስለዚህ ሐሙስ ወይም አርብ ደውላችሁ አስጎብኚ እንዲመድቡላችሁ አድርጉ። ሁሉም ሰው መታወቂያ ይያዝ፣ ስለ መንገዱ ጸጥታም ከዋዜማው ጠይቁ።

ለትልልቆቹ፦ ጅማ 1,700 ሜትር ገደማ ላይ ነች፣ እዚያ የም ያለው ቦር ተራራ ወደ 2,900 ይጠጋል። ጫፉን አትሞክሩት፣ ከፎፋ አካባቢ ያለው ጠርዝ ለእይታ ይበቃል። የደም ግፊት ወይም የስኳር መድኃኒት የሚወስዱ ጠዋት ሳይበሉና መድኃኒታቸውን ሳይወስዱ እንዳይነሱ፤ «ሽንት ያስቸግረኛል» ብለው መድኃኒት የሚዘሉ ብዙ ናቸው። ለእነሱ በየአንድ ሰዓት ተኩሉ መቆሚያ ያዙላቸው። የሚያቅለሸልሸው ሰው ከፊት ይቀመጥ እንጂ ከኋላው ረድፍ አይሁን። ጋቢ ወይም ሹራብ ለሁሉም፣ ውሃ በሰው ሁለት ሊትር።

ዴዶ በር

መስመሩ ጥሩ ነው፣ ግን ከስልሳ በላይ ለሆኑ ሰዎች አሥራ ሁለት ሰዓት መንገድ ይከብዳል ባይ ነኝ። ሌላ አማራጭ ልስጣችሁ። ጠዋት በጭዳው መንገድ ወደ ዴዶ ውጡ። ሸኪ ከጅማ 20 ኪሎ ሜትር አካባቢ ነው፣ ከፍታውም አገር ያሳያል። ምሳ ጅማ ተመልሶ፣ ከ9 ሰዓት ተኩል በኋላ ቦዬ። ቦዬ ከከተማው ጥግ ያለ ረግረግ ነው። ጉማሬ አለው፣ አናቱ ላይ ወርቃማ ጉፍታ ያለው ጥቁር ክሬን የሚባለው ወፍም ይታይበታል። ሩቅ ማያ መነጽር (ባይኖኩላር) ካላችሁ ያዙ፤ ወፉ ሰው ሲጠጋው ስለሚነሳ ከርቀት ማየት ይሻላል።

የጅማ ሰው ቦዬን ሄዶ ቢያየው እወዳለሁ። የአዌቱ ወንዝ የከተማውን ቆሻሻ ሁሉ ተሸክሞ የሚገባው እዚያ ነው፤ ረግረጉ አጣርቶ ወደ ጊቤ ያሳልፈዋል፣ መጨረሻውም ያው የምታዩት ሐይቅ ነው። ዳር ዳሩን ባሕር ዛፍ፣ እርሻና የጡብ አፈር ቁፋሮ እየበሉት ነው። ማንም ሳያየው እንዳይጠፋ ያሳስበኛል።

ሂርማታ

ዴዶ በር ያለው ልክ ነው። ትልልቆቹ ረጅም መንገድ የማይችሉ ከሆነ የእሱን ያዙ። ከቻሉ ግን ጊቤና ፎፋ የበለጠ ያሳያል።

ምሳውን ሳልነግራችሁ ቀረሁ። ቡድኑ የተቀላቀለ ከሆነ የሥጋ ነገር ያከራክራል፣ የክርስቲያንና የሙስሊም ሥጋ ቤት የተለያየ ነው። ዓሣና ሽሮ ለሁሉም ይሆናል፤ ጾም ላይ ዓሣ የማይበላ ካለ ሽሮው አለ። ከሐይቁ የሚወጣው በብዛት ቆሮሶ ነው። ትኩስ መሆኑን በዓይኑ እዩ፦ ጉልህና ያበጠ ዓይን፣ ስንጥቡ ሲከፈት ቀይ። ዓይኑ ከጎደጎደና ስንጥቡ ቡናማ ከሆነ ተዉት። ለስምንት ሰው ዓሣ ለመጥበስ አንድ ሰዓት ይፈጃል፣ ስለዚህ ጠዋት ስታልፉ እዘዙ፣ የምትመለሱበትን ሰዓት ንገሯቸው፣ ስልካቸውን ያዙና ከፎፋ ስትወርዱ ደውሉ። በረመዳን ከሆነ ትንንሾቹ ከተሞች ቀን ምግብ ቤት ዝግ ስለሚሆን ምሳችሁን ከጅማ ቋጥሩ።

ሂሳቡን ደግሞ ለስምንት ሳይሆን ለሰባት አካፍሉት። በመጨረሻ ሰዓት አንድ ሰው መቅረቱ አይቀርም፣ ከመጣ የተረፈው ለአስጎብኚው ይሰጣል።