ክርክር፦ ስዋሂሊ የማን ነው?

አወያይ፦ ሰላም ለቤቱ። ባለፈው አንድ አባላችን «ከባህር ማዶ የመጣ ቋንቋ የአፍሪካ ድምፅ እየተባለ ሲሞገስ አይዋጥልኝም» ብሎ ጽፎ ነበር። መልሱ ስለበዛ ለብቻው ከፍተነዋል። ለማታውቁ፣ የአፍሪካ ህብረት በ2022 መጀመሪያ እዚሁ አዲስ አበባ ባደረገው ጉባኤ ስዋሂሊን የሥራ ቋንቋው አድርጎ ተቀብሏል። ጥያቄው ይሄ ነው፦ ቋንቋውም ሆነ ቋንቋውን የወለደው ህዝብ የአፍሪካ ነው ወይስ የዐረብ? ዓመት ስትጠቅሱ በፈረንጆች አቆጣጠር ይሁን፣ እንዳንምታታ።

የቦሌው፦ ነገሩን ያነሳሁት እኔ ነኝ፣ እኔው ልጀምር። ስሙን እዩት። ስዋሂሊ «ሳዋሂል» ከሚል የዐረብኛ ቃል ነው የመጣው፣ የባህር ዳርቻዎች ማለት ነው። ቁጥሩን ስሙት። ስድስት «ሲታ»፣ ሰባት «ሳባ»፣ ዘጠኝ «ቲሳ»። ለዘመናት የተጻፈው በዐረብ ፊደል ነው። ሃይማኖቱም እስልምና ነው። ቋንቋው በተወለደበት በምሥራቅ አፍሪካ ጠረፍ ያሉ ትልልቅ ቤተሰቦች ራሳቸው «አባቶቻችን ከፋርስ፣ ከሺራዝ በመርከብ መጡ» ሲሉ ነው የኖሩት። ባለቤቱ እንዲህ ካለ እኛ ከማን በልጠን ነው የአፍሪካ ነው የምንለው? ህዝቡን ጠልቼ አይደለም። ነገሩ በስሙ ይጠራ ነው የምለው።

ጡረተኛው መምህር፦ ልጄ፣ ጥያቄህን ወድጄዋለሁ። ቁጥሩን ግን ከመሃል ነው የጀመርከው። ከአንድ ጀምር። ሞጃ፣ ምቢሊ፣ ታቱ፣ ንኔ፣ ታኖ። ስምንት ናኔ፣ አስር ኩሚ። እነዚህ ሁሉ የባንቱ ናቸው፣ ከአፍሪካ ትልልቅ የቋንቋ ቤተሰቦች የአንዱ። ከነጋዴ የተበደሩት አለ። በአንድ እጅ ጣት የሚቆጠረው ግን የእናታቸው ነው።

ደግሞ ቋንቋ በቃላቱ ብቻ አይለይም። አጥንቱን ማየት ያስፈልጋል። አንድ ምሳሌ ላሳይህ፣ ባሰብኩት ቁጥር ይገርመኛል። ዐረቡ መጽሐፍን «ኪታብ» ይላል፣ ሲበዛ «ኩቱብ»። ስዋሂሊዎች ቃሉን ተቀብለው «ኪታቡ» አሉት። በእነሱ ቋንቋ ብዙ የዕቃ ስም በ«ኪ» ይጀምራል፣ ሲበዛ «ኪ» ወደ «ቪ» ይለወጣል። ኪቱ ዕቃ፣ ቪቱ ዕቃዎች። ስለዚህ የዐረቡን ቃል ሰነጠቁት። «ኪ»ውን እንደ ራሳቸው ቆጥረው መጻሕፍትን «ቪታቡ» አሉ። ዐረቡ «ቪታቡ» ቢሉት የራሱ ቃል መሆኑን አያውቀውም። የኛን መኪና አስበው። ቃሉ የጣሊያን ነው። «መኪናችን ተበላሸችብን» ስትል ግን በጣሊያንኛ ተናገርክ የሚልህ አለ?

የቋንቋው የቅርብ ዘመዶችም እዚያው ጎረቤቱ ናቸው። በኬንያ ጠረፍ ያሉት ሚጂኬንዳዎች፣ እዚያው ኬንያ ታና ወንዝ ዳር ያሉት ፖኮሞዎች፣ የኮሞሮስ ሰዎች።

ሙስካት የኖርኩ፦ እኔ ምሁር አይደለሁም። ሙስካት አምስት ዓመት ሰው ቤት ሠርቻለሁ። የማዳሜ እናት ዛንዚባር ተወልደው ያደጉ ናቸው። ኦማንና ዛንዚባር ድሮ በአንድ ሱልጣን ሥር ስለነበሩ እንደሳቸው ያለ ሰው እዚያ ብዙ ነው። ማዳሜ እኔን የምታዘኝ በዐረብኛ ነበር። እናትና ልጅ ሲኮራረፉ፣ ሲሳሳቁ፣ መርዶ ሲመጣ ግን በስዋሂሊ ነው።

እማማ ጠዋት ማንዳዚ ይጠብሳሉ፣ የኛን ቦምቦሊኖ የሚመስል። ሳምቡሳን እነሱም ሳምቡሳ ነው የሚሉት። ካንጋ የሚባል ጥንድ ጨርቅ ይለብሳሉ፣ ከታች በኩል ሁልጊዜ ጽሑፍ አለበት፣ አብዛኛው ተረትና ምሳሌ ነው። የአንዱ እስካሁን ቃሌ ላይ አለ። «ሀባ ና ሀባ ሁጃዛ ኪባባ።» ጥቂት በጥቂት ቁናው ይሞላል ማለት ነው። ጨርቁን በጣታቸው እያሳዩ ደመወዝሽን አጠራቅሚ ይሉኝ ነበር። ዐረብ ነን ይላሉ፣ አልክድም። ሲጨንቃቸው ከአፋቸው የሚወጣው ግን ዐረብኛ አልነበረም።

የቦሌው፦ እህቴ፣ ልብ የሚነካ ነው። ግን የኔን ነጥብ ነው ያጠናከርሽልኝ። ዐረብ ነን ብለዋል።

የናይሮቢ ነጋዴ፦ ለምን እንዳሉ ጠይቃ። በእንግሊዝ ዘመን ሰው «ተወላጅ» እና «ተወላጅ ያልሆነ» ተብሎ ይመዘገብ ነበር። መብቱም ግብሩም እንደ መዝገቡ ይለያያል። በኬንያ ጠረፍ ያለችው የሞምባሳ ከተማ ነባር ቤተሰቦች ከ«ተወላጅ» መዝገብ ለመውጣት ለዓመታት አቤት ሲሉ ኖረዋል። መዝገብህ ዕድልህን ሲወስን አያትህን ከሩቅ ብታመጣ ማን ይፈርድብሃል?

ጡረተኛው መምህር፦ ልክ ብለሃል፣ ግን አንድ ነገር ላርም። የሺራዙ ትረካ ከእንግሊዝ በዕድሜ ይበልጣል፣ ዛሬ ታንዛኒያ ውስጥ ያለችው የጥንቷ የጠረፍ ከተማ የኪልዋ ዜና መዋዕል ላይም አለ። ባዶ ተረት ነው ብለን ማለፍ አይገባንም። በ2023 የወጣ ጥናት ከ1250 እስከ 1800 ባለው ጊዜ በጠረፉ ከተሞች የኖሩ የ80 ሰዎችን አፅም በዘረመል መርምሯል። ከብዙዎቹ ዘር ከግማሽ በላይ አፍሪካዊ ሆኖ ተገኘ፣ እሱም በዋናነት በእናት በኩል። የእስያው ወገን ባብዛኛው የፋርስ ነው፣ እሱም በአባት በኩል። መቀላቀሉ የጀመረው በ1000 ገደማ ነው። የዐረብ ዘር ጎላ ብሎ የሚታየው ከ1500 በኋላ ነው።

እንግዲህ አያቶቹ የተናገሩት እውነት ነበረበት። ግን ልብ በሉ። በኬንያ ጠረፍ በፓቴ ደሴት ሻንጋ በሚባል ቦታ ቁፋሮ ሲደረግ ከ8ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ጀምሮ የነበሩ የእንጨትና የጭቃ መስጊዶች አሻራ ተገኝቷል። ፋርሶቹ ቤት ንብረት ሲመሠርቱ መንደሩም ጀልባውም ንግዱም ነበረ ማለት ነው። አባት ከውጭ መጣ፣ ልጅ በእናቱ ቋንቋ አፉን ፈታ። ተጓዡ ኢብን ባቱታ በ1331 ኪልዋን አይቶ በጣም ካማሩትና በጥሩ ሁኔታ ከተሠሩት ከተሞች አንዷ ናት ብሏል። ስለ ነዋሪዎቹ ሲጽፍ ደግሞ አብዛኞቹ በጣም ጥቁር መልክ ያላቸው፣ ፊታቸው ላይ ጠባሳ ምልክት ያለባቸው ናቸው ይላል። ሰውየው የሞሮኮ ሰው ነው፣ ዐረብ ሲያይ ያውቃል። በመዳብ ሳንቲም የሚገበያይ፣ በዛሬዋ ሞዛምቢክ ካለችው ከሶፋላ የሚመጣውን ወርቅ የሚያሻግር ከተማ ነበር።

ስለ እስልምናው መልሴ አጭር ነው። ሐረርን ያየ ሰው እስልምና ሁሉ ዐረብ ነው አይልም።

የቦሌው፦ እሺ፣ የሃይማኖቱን ነገር ትቼዋለሁ። በቋንቋው አጥንትም ላይ አልከራከርም። የሚከብደኝ ሌላው ነው፣ እሱን ደግሞ ማንም አልነካውም። ቋንቋው ከጠረፍ ወደ መሃል የገባው በ19ኛው ክፍለ ዘመን በዝሆን ጥርስና በባሪያ ቅፍለት ነው። ቲፑ ቲፕን የመሰለ ነጋዴ ኮንጎ ድረስ ዘልቋል። ዛንዚባር የባሪያ ገበያ ነበረች። የኮንጎ ወይም የማላዊ ሰው «ያንተም ቋንቋ ነው» ሲባል ምን ይሰማዋል?

የታሪክ ተማሪ፦ ይሄ ከባዱ ጥያቄ ነው፣ ልክ ነህ ማለፍ የለብንም። ገበያው በ1873 ነው የተዘጋው። ቦታው ላይ ዛሬ የአንግሊካን ካቴድራል ቆሟል። ከጠረፉ ቤተሰቦች ብዙዎቹ በንግዱ እጃቸው ነበረበት። ዛንዚባር ላይ በጥር 1964 አብዮት ሲነሳ ያ የተጠራቀመ ቂም በሺዎች ህይወት ተከፈለ፣ ከተገደሉትም ብዙዎቹ ዐረብ የተባሉ ናቸው።

ግን ቅፍለቱ ላይ ነጋዴው ብቻ አልነበረም። ጭነቱን በትከሻው የተሸከመው፣ የመሃል ታንዛኒያ ህዝብ የሆነው ኛምዌዚውም ነበር። ቋንቋውን ወደ ሰፈሩ ይዞት የተመለሰው እሱ ነው። በባርነት ወደ ጠረፍ የተወሰዱት ሰዎችም ልጆቻቸውን ያሳደጉት በዚሁ ቋንቋ ነው። ኋላ የታንዛኒያው መሪ ኔሬሬ ለነፃነት ትግሉ የተጠቀመበት ይሄንኑ ነው። ኔሬሬ ስዋሂሊ አይደለም፣ የአፍ መፍቻው ዛናኪ የሚባል የትንሽ ህዝብ ቋንቋ ነው። ከመቶ በላይ ቋንቋ ባለበት አገር የአንዱ ትልቅ ጎሳ ንብረት ያልሆነ ቋንቋ መኖሩ ስንት ጠብ እንዳስቀረ አስቡት። ዩኔስኮ ጁላይ 7ን የስዋሂሊ ቀን ያደረገውም በ1954 በዚያ ቀን የተመሠረተውን የኔሬሬን ፓርቲ አስታውሶ ነው።

እዚሁ ከተማችን የሆነ ነገርም አለ። በጁላይ 2004 የሞዛምቢኩ ፕሬዝዳንት ቺሳኖ አዲስ አበባ በተደረገው የህብረቱ ጉባኤ ላይ ተነስተው በስዋሂሊ ተናገሩ። አገራቸው የምትሠራበት ፖርቱጋልኛ ነው። መሪዎቹ ያልጠበቁት ነገር ነበር።

የናይሮቢ ነጋዴ፦ እኔ በሥራ ምክንያት ወደ ናይሮቢ ከአስር ዓመት በላይ ተመላልሻለሁ። መጀመሪያ ሰሞን አንድ ዕቃ አቅራቢ «ሳአ ታቱ አሱቡሂ» ና አለኝ። ታቱ ሦስት መሆኑን አውቃለሁ። እንደ አገሬ በሦስት ሰዓት ሄድኩ፣ ሱቁን እየከፈተ ደረስኩ። ለካ እነሱም ሰዓት የሚቆጥሩት እንደኛ ከንጋት ጀምረው ነው። ያው ሰውዬ በእንግሊዝኛ ቢያወራኝ ኖሮ ዘጠኝ ነበር የሚለኝ። የትም አገር ሰዓታችንን ለማስረዳት እንለፋለን። እዚያ ማስረዳት አላስፈለገኝም።

አሁን ግን የሚያንገበግበኝን ልናገር። ሁላችሁም ስለ ቋንቋው ታወራላችሁ። ስለ ባለቤቱስ? እንግሊዞች በ1930 ቋንቋውን ወጥ ለማድረግ ኮሚቴ ሲያቋቁሙ መነሻ ያደረጉት የዛንዚባርን አነጋገር ነው። የሞምባሳውና የሌላዋ የኬንያ ጠረፍ ከተማ የላሙው፣ ስንት ባለቅኔ ያፈራው፣ ዳር ቀረ። ዛሬ የጠረፍ ልጅ ትምህርት ቤት ገብቶ አያቱ የነገሩትን ቢጽፍ ስህተት ተብሎ ይሰረዝበታል። ቋንቋው የመቶ ሚሊዮን ሰው ሆነ፣ የወለደው ህዝብ ግን የት እንዳለ እንኳ ብዙው አያውቅም።

ላሙን ውሰዱ። ላሙ ሲባል እኛ ኢትዮጵያውያን ትዝ የሚለን ወደብ ነው፣ ለኛና ለደቡብ ሱዳን የታሰበው። የመጀመሪያው የመርከብ ማረፊያ በ2021 ሥራ ጀምሯል። እኔ ግን ከተማዋን በእግሬ አይቻታለሁ። መንገዱ ሁለት ሰው ትከሻ ለትከሻ ተነካክቶ የሚተላለፍበት ነው። ሸክም የሚሄደው በአህያ ነው። ቤቱ ከባህር ድንጋይ የተሠራ፣ በሩ በእጅ የተፈለፈለ። ከ2001 ጀምሮ የዓለም ቅርስ ናት። ወደቡ ሲቆፈር አሣ ያጠምዱበት የነበረው ባህር ተበላሸ ብለው 4,600 ገደማ አሣ አጥማጆች ከሰሱ። በ2018 የኬንያ ፍርድ ቤት 1.76 ቢሊዮን ሽልንግ ካሣ ፈረደላቸው። እኛ የምንመኘው ወደብ የእነዚህ ሰዎች ደጅ ነው። ስዋሂሊ የአፍሪካ ነው ብለን እያጨበጨብን ስዋሂሊውን ከባህሩ ብንገፋው ምኑን አከበርነው?

ጡረተኛው መምህር፦ ይሄን አላሰብኩበትም ነበር። አመሰግናለሁ ወንድሜ።

የቦሌው፦ በአመጣጡ ተረትቻለሁ፣ በግልጽ እናገራለሁ። «ቪታቡ» የምትለዋ ረታችኝ። የባሪያ ንግዱን ነገር ግን አልለቅም። ቋንቋው በጉባኤ በተሞገሰ ቁጥር ያም አብሮ ይነሳ። ሁለተኛ፣ ልጄ ትምህርት ቤት ስዋሂሊ ይማር ቢባል አሁንም እጄን አላወጣም። አማርኛ፣ ኦሮምኛ፣ እንግሊዝኛ ተሸክሟል። ስንት ይጨመርበት?

ሙስካት የኖርኩ፦ እኔ አወጣለሁ። ያለ ደብተር፣ ሽንኩርት እየላጥኩ ነው የተማርኩት። በዓመቱ ከእማማ ጋር አወራ ነበር። ለልጄ ቁጥሩን ጀምሬላታለሁ፣ ታኖ ደርሳለች።