ሚስት ያልፈረመችበት የመያዣ ውል፦ ሐራጁን እንዴት ማሳገድ ይቻላል?

ቤቱ የባልና ሚስት የጋራ ንብረት ነው፤ ካርታው ግን በባል ስም ብቻ ነው የወጣው። በመያዣ ውሉ ላይ ከባንኩ ሌላ የፈረመው ባል ብቻ ነው፤ «ያላገባ» የሚል ማስረጃም ከፋይሉ ጋር አልተያያዘም። ባንኩ፣ ባንኮች መያዣን ያለ ፍርድ ቤት በሐራጅ እንዲሸጡ በሚፈቅደው አዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ ሐራጅ አውጥቷል።

ሚስት የጋራ ቤትን በመያዣ ለመስጠት የሁለቱም ስምምነት እንደሚያስፈልግ የሚደነግጉትን የቤተሰብ ሕጉን አንቀጽ 68 እና 69 ጠቅሳ ውሉ እንዲፈርስ ከሳለች። ውሉን ካወቀች ስድስት ወር አልሞላም፣ ከተፈረመም ሁለት ዓመት አላለፈውም፤ ይርጋ (የክስ ማቅረቢያ ጊዜ ገደብ) አያሰጋም። የእግድ ጥያቄዋ ግን «ባንኩ ካጠፋ ካሳ ይከፍላል» ተብሎ ውድቅ ሆነ። ይህ ለተበዳሪው ይሁን፤ ውሉን ላልፈረመች ሚስት፣ ቤቱ በሌላ ሰው ስም ከዞረ በኋላ ካሳ ምን ይረባታል?

የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 320(3) ከዋናው ፍርድ በፊት በእንዲህ ያለ ትእዛዝ ላይ ይግባኝ ስለማይፈቅድ፣ ሐራጁ ከመካሄዱ በፊት እግዱን በየትኛው መንገድ እንደገና መጠየቅ ይቻላል?