የሰርኪዩት ቦርድ መንደፊያውን ኪካድን ከ8 ወደ 9 ካሳደግኩ ወዲህ ፒሲቢው (የቦርዱ ንድፍ) ይዘጋብኛል፣ ዛሬ ገርበር (ቦርዱ የሚመረትበትን ፋይል) መላክ አለብኝ!

ሽቦአልባ፦ ሰላም ለሁላችሁ። ስኬማቲኩ (የሰርኪዩቱ ሥዕል) ይከፈታል፣ ፒሲቢው ግን ነጭ ይሆንና ሁሉም አብሮ ጥርግ ብሎ ይዘጋል። ከስንት አንዴ ሲከፈት ደግሞ ትራክ (የመዳብ መስመር) በነካሁ ቁጥር ፍሪዝ ያደርጋል። ቦርዱ አራት ሌየር (የመዳብ ንብርብር) ነው። አጥፍቼ እንደገና ጫንኩት፣ ያው ነው። ወደ 8 ልመለስ? ቶሎ በሉልኝ!

ኮንደንሰር፦ የግራፊክስ ድራይቨርህን አድስ።

ፊውዝ፦ በማስረከቢያው ቀን ማሳደግ ማለት ቆጣሪ ሳያጠፉ ሶኬት መቀየር ነው 😀

መሬት_መስመር፦ ለመመለስ አትቸኩል። በ9 ሴቭ የተደረገ ፋይል በ8 አይከፈትም፣ ወደ ቀድሞው ቨርዥን ሴቭ ማድረጊያም የለውም። እንደ 9.0.1 ያሉት ትንንሽ አፕዴቶች ስህተት ማረሚያ ናቸው፤ የፋይሉ አጻጻፍ የሚቀየረው የመጀመሪያው ቁጥር ሲለወጥ ነው። ፕሮጀክቱ ውስጥ ስሙ «ባካፕስ» ብሎ የሚያልቅ ፎልደር ፈልግ። ቀንና ሰዓት የተጻፈባቸው ዚፖች ታገኛለህ፤ ከማሳደግህ በፊት የነበረውን ሌላ ቦታ ፍታው። ዊንዶውስ ላይ 8 እና 9 ጎን ለጎን ይጫናሉ፣ አንዱን ለሌላው ማጥፋት አያስፈልግም ነበር። አጥፍተህ መጫንህም ያልጠቀመህ ሴቲንጉ አፕዳታ ሥር ስለሚቀመጥ ነው፤ ከፕሮግራሙ ጋር አይጠፋም።

ኮንደንሰር፦ ድራይቨር አልኩ እኮ። ከዊንዶውስ አፕዴት ሳይሆን ከቺፑ አምራች ገጽ አውርድ።

ትራንዚስተር፦ «አፕዴቱ አበላሸው» ማለት ይቅር፤ እዚህ ሁለት የተለያየ ችግር ነው ያለው። ለመዘጋቱ፦ ባዶ ፕሮጀክት ፍጠርና ፒሲቢውን ክፈት። እሱም ከተዘጋ ፋይልህ ደህና ነው፣ ጉዳዩ ግራፊክስ ነው። ፒሲቢውን ሳትከፍት ከፕሮጀክት ማኔጀሩ ፕሪፈረንስስ፣ ኮመን ግባና ሬንደሪንግ ኢንጂኑን (ንድፉን ስክሪን ላይ የሚስለውን) ፎልባክ አድርገው። ፍሪዙ ግን አውቶማቲክ የዞን (ሰፊ የመዳብ ቦታ) መሙያው ይመስለኛል፤ ትራክ ባነሳህ ቁጥር ትልልቆቹን የግራውንድ ዞኖች እንደገና ያሰላል። ፒሲቢ ኤዲተር፣ ኤዲቲንግ ኦፕሽንስ ውስጥ አጥፋው፣ ዞኑን መሙላት ሲያስፈልግህ የ«ቢ» ቁልፍን ተጫን።

ሽቦአልባ፦ ባዶውም ተዘጋ። ፎልባክ ሳደርገው ተከፈተ!! ዙም ሳደርግ ግን ይንቀራፈፋል።

ትራንዚስተር፦ ይንቀራፈፋላ፣ ፎልባክ በሲፒዩ ነው የሚስለው። ለዛሬ ይበቃሃል።

ፊውዝ፦ ሁለት ግራፊክስ ያለው ላፕቶፕ ከሆነ ዊንዶውስ ሴቲንግ፣ ሲስተም፣ ዲስፕሌይ፣ ግራፊክስ ገብተህ ኪካድን «ሃይ ፐርፎርማንስ» ላይ አድርገው። የምትመርጠው ዋናውን የኪካድ ፕሮግራም ነው፤ ከማኔጀሩ የሚከፈተው ፒሲቢ በእሱ ውስጥ ነው የሚሠራው። አንዱ ሲወድቅ ሁሉም አብሮ የሚዘጋውም ለዚህ ነው። ከዚያ ሬንደሪንግ ኢንጂኑን ወደ አክሰለሬትድ (በግራፊክስ ቺፑ ወደሚስለው) መልሰህ ሞክረው።

መሬት_መስመር፦ አውቶማቲኩን ካጠፋህ አደራ፣ ዞኑ አሮጌ ሙሌት ይዞ ይቀራል፤ አዲሱ ትራክ ከኮፐሩ ጋር ተነካክቶ ሊወጣ ይችላል። ዲአርሲው (የቦርዱን ስህተት መፈተሻው) መስኮት ላይ ዞኖችን እንደገና ሙላ የሚለውን፣ ፕሎት (ገርበር የሚወጣበት መስኮት) ላይ ደግሞ «ቼክ ዞን ፊልስ»ን ምልክት አድርግ። ገርበሩንም ሳትልክ በገርበር ቪውር አራቱንም ሌየር እይ።

ዳዮድ፦ ሊኑክስ ላይስ ያው ነው?